ማዳበሪያ ውስጥ የማይገባ

ሐሙስ፣ መጋቢት 4 ቀን 2017

አራተኛ ክፍሎችን ስለ ደረቅና እርጥብ ቆሻሻ ሳስተምር ዋልኩ። አንዱ እጁን አውጥቶ፣ «ቲቸር፣ የሞተ አህያ ደረቅ ነው እርጥብ?» አለኝ። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። «ነገ እንመለስበታለን» ብዬ አለፍኩት። ምን ልበል? እኔስ የት አውቄው... ቤት ስገባ ለአባም ነገርኩት።

የሐሙስ የቤት ጸሎት የኛ ተራ ነበር። ሻይ፣ ቆሎ፣ መዝሙር። ኦቦ ኦሊቃ እንደ ልማዳቸው ሶፋዬ መሃል ተቀመጡና ነጠር ነጠር ብለው፣ «ይሄ ሶፋ ግን አያረጅም እንዴ?» አሉ። ይህንን ሲሉ ደስ ይለኛል፣ አልዋሽም። «ከ2005 ጀምሮ ነው ኦቦ ኦሊቃ! የመጀመሪያ ደመወዜ። የዛሬዎቹ ዓመት ሳይሞላቸው ይሰምጣሉ፣ ይሄ ግን ይኸው!» አልኩ። በየጸሎቱ የምለው ነው። የመጀመሪያ ደመወዜን ለምርቃት ብዬ ለአባ ስሰጠው አልቀበልም አለኝ፤ «ሁላችንም የምንቀመጥበት ነገር ግዢበት» ብሎ እዚያው መረቀኝ። የሚቀጥሉትን ወሮች ጨምሬበት ይህንን ገዛሁ። ባለ ሦስት መቀመጫ፣ ቡኒ ከፋይ። ዳንቴሉን ራሴ ሠራሁለት።

ለገና ናኦሚ የመጣች ጊዜም ይህንኑ ለእንግዶች ስናገር ፈገግ አለች። ታናሼ ናት፣ ፈገግታዋን አውቀዋለሁ። «አንቺና ሶፋሽ» ማለቷ ነው።

ማታ ዜናው ሲያልቅ አባ፣ «ድንቄ፣ ሃርካ ኬ!» አለ። እጄን ሰጠሁት። ጉልበቱ ከታመመ ወዲህ የሚነሳው በኔ እጅ ነው። ከቆመ በኋላ ትከሻዬን ተደግፎ ትንሽ ይቆያል፣ «ገለቶሚ፣ ኢንተላ ኮ» ይለኛል፤ አመሰግናለሁ ልጄ ማለቱ ነው። ወገቤን ዛሬም ያዘኝ። ይያዘኝ። ስለዚያች ቃል ብሎ ይያዘኝ።

ናኦሚ ከባኮ ደወለችለት። ሳቀ፣ ሳቀ፣ እንባው እስኪመጣ። ከኔ ጋር እንደዚያ የሳቀው መቼ ነው? «ምን አለችህ?» ስለው፣ «ምንም፣ ወሬ ነው» አለ። ወሬ! አብሬው የምኖረው እኔ ወሬ የለኝም?

ቅዳሜ፣ መጋቢት 6

ጉድ ነው።

ልብስ እያሰጣሁ የውጭ በር ተንኳኳ። አይሱዙ ቆሟል። ሁለት ወጣቶች፣ «የኦቦ ሞሲሳ ቤት ነው? ከአዲስ አበባ እቃ አለ» አሉ። በላስቲክ የተጠቀለለ ሶፋ። ግራጫ። እግሩ ረዘም ያለ፣ መደገፊያው ሰፊ። «ተሳስታችኋል» አልኳቸው። ከኋላዬ አባ፣ «አስገቡት፣ አስገቡት» አለ። ያውቅ ነበር! ያ ሁሉ የስልክ ሳቅ...

ሳሎናችን ሁለት ሶፋ አይችልም። ልጆቹ እኔን ሳይጠይቁ ቡኒውን በሁለት ጫፍ ይዘው በረንዳ ላይ አወጡት። ዳንቴሉ ላዩ ላይ እንዳለ! የበሩ ጉበን ፋቀው። አንደኛው ላቡን እየጠረገ፣ «ይሄን የት እንጣልልሽ?» አለኝ። የት እንጣልልሽ! «አይጣልም» አልኩት። ጮኬ መሰለኝ፣ አባ ቀና ብሎ አየኝ።

ናኦሚ ደወለች። «ደረሰ? እንዴት ነው?»

«ደርሷል።»

«ከፍ ያለ ነው አይደል? ለጉልበቱ ብዬ እኮ...»

«አዎ፣ ከፍ ያለ ነው።»

«ድንቄ፣ ደህና ነሽ?»

«ልብስ አስጥቻለሁ፣ ደመና መጥቷል» ብዬ ዘጋሁት። ደመና አልነበረም።

ለራሴ ነው የምጽፈው፣ ማንን እፈራለሁ? ቀናሁ።  እኔ በየቀኑ ሙዝ ገዝቼ እገባለሁ፣ ሙዜን ለጎረቤት የሚያወራ የለም። እሷ በዓመት ሁለቴ ማንጎ ይዛ ስትመጣ ሰፈሩ ሁሉ «የናኦሚ ማንጎ» ይላል። የቅርብ ጠበል ልጥ ይነከርበታል ማለት ይሄ ነው። አሁን ደግሞ ሶፋ።

እሁድ፣ መጋቢት 7

ከቤተ ክርስቲያን መልስ አባ ግራጫው ላይ ተቀምጦ አገኘሁት። ሊነሳ ሲል እንደ ልማዴ ሮጥኩ፣ እጄን ዘረጋሁ። እሱ ሁለት እጁን መደገፊያው ላይ አድርጎ ብድግ አለ። ብቻውን! አልፎኝ ወደ ደጅ ወጣ። «አየሽ?» አለኝ፣ እንደ ልጅ እየሳቀ።

አየሁ። እጄ አየር ላይ ቀረ።

ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር... አይደል?

ማክሰኞ፣ መጋቢት 9

ጉዴ መጣች። የሰፈሩን ቆሻሻ በአህያ ጋሪ የምትሰበስበው የጽዳት ማህበሯ ልጅ። አባ በረንዳ ላይ ቆሞ፣ «ጉዴ፣ ይሄን ሶፋ ውሰጂልን፣ መተላለፊያ ዘጋብን» አላት። 

ጉዴ ሶፋውን ዞር ዞር ብላ አየችው። «ኦቦ ሞሲሳ፣ ይሄ የኛ አይደለም። የኛ ማዳበሪያ ውስጥ የሚገባው ነው። ማዳበሪያ ውስጥ የማይገባ፣ ሶፋ በሉት፣ ፍራሽ በሉት፣ ቁም ሳጥን፣ አልጋ፣ የተበላሸ ፍሪጅ፣ እሱ ትልቅ ቆሻሻ ይባላል። ማዘጋጃ ቤት ነው የሚያነሳው። አህያዬም ትሞትብኛለች።»

ትልቅ ቆሻሻ። የመጀመሪያ ደመወዜ፣ የተመረቅኩበት... ትልቅ ቆሻሻ ተባለ። ቢሆንም አልወሰደችውም። በልቤ የጉዴን አህያ ባረክኳት።

ጎረቤታችን ለንሳ በአጥር በኩል ሰምታ፣ «ምን አስጨነቃችሁ? ሁሉቃ ወንዝ ዳር ማስወርወር ነው፣ ስንቱ እዚያ ይጥል የለ» አለች። ተቆጣኋት። «ልጆቹን ወንዝ አታቆሽሹ እያልኩ የማስተምር ሰው ነኝ!» አልኳት። ጥሩ አባባል ነበር። እውነቱን ለመናገር ግን የተቆጣሁት ስለ ወንዙ አይደለም።

ሐሙስ፣ መጋቢት 11

የለንሳ ተራ ነበር ጸሎቱ፤ ግን ሁሉም «አዲሱን ሶፋ እንየው» ብለው እኛ ጋ መጡ። «ናኦሚ ናት አይደል? ተባረኪ ናኦሚ!» «ወላጁን የሚያስብ ልጅ እንዲህ ነው!» «ባኮ ሆና አባቷን አትረሳም!» እኔ ትሪ ይዤ ቆሜያለሁ። አንድም ሰው ወደኔ አልዞረም። ሻዩን ያፈላው ማን ነው? መድኃኒቱን በሰዓቱ የሚሰጠው፣ እግሩን በሞቀ ውሃ የሚያጥበው?

ኦቦ ኦሊቃ እንኳን! አዲሱ ላይ ተቀምጠው ነጠር አሉና፣ «ዋው» አሉ። በዚህ ዕድሜያቸው ዋው።

መዝሙር ሲጀመር ወጣሁ። በረንዳ ላይ ቡኒዬ ላይ ተቀምጬ ከውጭ ሆኜ ዘመርኩ። ድምፄን ከፍ አድርጌ። ማንም አልጠራኝም።

ሰኞ፣ መጋቢት 15

አባ ሦስቴ ስለጠየቀኝ ማዘጋጃ ቤት ሄድኩ። አይሆንም ቢሉኝ ብዬ ጸለይኩ እንኳ። የጽዳት ክፍሉ ሠራተኛ ኢብሳ የሚባል ልጅ ነው፣ እኔ ያስተማርኩት ሳይሆን አይቀርም፣ «ቲቸር፣ ተቀመጪ» ብሎ ወንበሩን ለቀቀልኝ።

እንዲህ ነው ነገሩ። ትልቅ እቃ የሚያነሳ መኪና ሁልጊዜ የለም፣ ከበዓል በፊት ይወጣል። በሞንታርቦ ይነገራል። እቃውን ከዋዜማው ጀምሮ ደጅ መከመር ክልክል ነው፤ ቱቦ ይዘጋል፣ ዝናብ ሲመጣ መንገዱ ወንዝ ይሆናል። በዚያው ቀን ጠዋት ነው የሚወጣው። የግንባታ ፍርስራሽ፣ ድንጋይ፣ የተቆረጠ ዛፍ በዚያ መኪና አይሄድም። ሶፋ ደግሞ እንዳለ አይጫንም። «አንድ ሶፋ የግማሽ መኪና ቦታ ይይዛል ቲቸር፣ ፈታታችሁ ነው የምታመጡት። እንጨቱ ለብቻ፣ ስፖንጁ ለብቻ፣ ብረቱ ለብቻ። ብረቱን ለቆራሌ መስጠት ትችላላችሁ። እንጨቱንም የሚፈልግ ካለ። ስፖንጁን ግን እንዳታቃጥሉት፣ ጭሱ መርዝ ነው።»

«ያልተበላሸ ሶፋስ ከሆነ?» አልኩት።

«ያልተበላሸ ለምን ይጣላል?»

ወንበሩን መለስኩለትና ወጣሁ።

ስመለስ ለንሳ አጥሩ ላይ ቆማለች። «ካልፈለጋችሁት ለኔ አትሰጡኝም?» አለች። አፌ ላይ የመጣውን ተናገርኩ። «ትኋን አለው» አልኳት። ሶፋዬን! ትኋን! ሌላ ሰው ቤት ገብቶ ሌላ ሰው «ሶፋዬ» እንዳይለው ስም አጠፋሁበት። የምቀና የናኦሚ ሶፋ ላይ ብቻ መስሎኝ ነበር...

ረቡዕ፣ መጋቢት 17

ዛሬ የሠራሁትን አልወደድኩትም። ግን ይጻፍ።

ከሰዓት ፀሐይ ወጥታ ነበር። አባ ራሱን ችሎ ወደ በረንዳ መጣ። «አባ፣ እዚህ አረፍ በል፣ ነፋስ አለ» አልኩት። ቡኒው ላይ። ዝቅ ያለ መሆኑን አላውቅም ነበር? አውቃለሁ። ለዚያ ነው ያልኩት። «ሃርካ ኬ» እንዲለኝ ፈልጌ ነው።

ተቀመጠ። ስለ ጊንጪ አወራኝ፣ ጤና ጣቢያ ድሬሰር እያለ በበቅሎ ጭልሞ ጫካ ድረስ እየሄደ ስለሚከትበው ሰው። እንዴት ደስ የሚል ወሬ ነበር። ደመናው ሲመጣ፣ «ድንቄ፣ ሃርካ ኬ» አለ። እኔ... ውስጤ እልል አለ። እጄን ሰጠሁት። ሳብኩት። ግማሽ ከተነሳ በኋላ ጉልበቱ ከዳው፣ ተመልሶ ወደቀ። እንደገና። «ዋይ!» አለ። አባ «ዋይ» ሲል ሰምቼ አላውቅም። ዝናቡ ጀመረ፣ በጎን እየገባ እሱንም ሶፋውንም አበሰበሳቸው። ለንሳን ጠርቼ ለሁለት አነሳነው።

ገብቶ ግራጫው ላይ ሲቀመጥ ተነፈሰ። ያ ትንፋሽ እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ። ምን ዓይነት ልጅ ነኝ?

አርብ፣ መጋቢት 19

ጉልበቱ አብጧል። ሐኪሙ ዝቅ ያለ ነገር ላይ አይቀመጥ አለ። ናኦሚ ደወለች። «ምን ሆኖ ነው?» ስትለው፣ ዓይኑን እኔ ላይ አድርጎ፣ «ብርዱ ነው፣ ደህና ነኝ» አላት።

ዋሸልኝ። ሽማግሌ አባቴ በኔ ምክንያት ዋሸ። ቢነግርብኝ ይሻለኝ ነበር።

ቅዳሜ፣ መጋቢት 27

ሞንታርቦ በመንገዱ አለፈ። በኦሮምኛም በአማርኛም። «በሚቀጥለው ቅዳሜ ጠዋት፣ ከቤት የሚወጣ ትልቅ እቃ ያላችሁ...»

 አባ አሁን እንደ ፊቱ ይራመዳል፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ሶፋው ከዝናቡ ወዲህ ይሸታል። እኔ ራሴ፣ «ይሂድ» አልኩት። አባ ራሱን ነቀነቀ፣ «አንቺ ካልሽ» አለ።

ሐሙስ፣ ሚያዝያ 2

ተናድጄ ነው የምጽፈው። ንዴት ብቻም አይደለም...

ሶፋ የሚሠራውን ኢፋን ጠርቼ ነበር፣ እንዲፈታታልኝ። ሶፋውን ገልብጦ የታችኛውን ጨርቅ በካራ ቀደደ። እጁን አስገባ። ቆም አለ። ደግሞ አስገባና፣ «ይሄማ የኔ ሥራ ነው» አለ።

«አይደለም» አልኩት። «በ2005 ከገበያ ነው የገዛሁት።»

«ሶፋውን አላልኩም መምህርት፣ ሆዱን ነው። ሞላውም ስፖንጁም የኔ ነው። እህትሽ ናት ያሠራችኝ፣ ባኮ ያለችው። አንቺ ክረምት ኮርስ ነቀምቴ ሄደሽ ነበር መሰለኝ። 2013 ነው። ሰምጦ ሰምጦ ሰው ሲቀመጥበት ወለሉ ነበር የሚነካው።»

«ጨርቁስ? ጨርቁ እኮ የድሮው ነው!»

ኢፋ ሳቀ። «እሱ ነው ያደከመኝ! 'ጨርቁን አትንካው፣ ታላቄ ስትመለስ ምንም ማወቅ የለባትም' አለችኝ። አዲስ ከፋይ ብመታበት ይቀለኝ ነበር። ምስማሩን አንድ በአንድ ነቅዬ ዳንቴሉን እንኳ እንደነበረ መለስኩት። አልነገረችሽም?»

«ታዲያ ከድሮው የቀረው ምንድን ነው?» አልኩት።

«እንጨቱ። እንጨቱና ልብሱ።»

ምን ልበል? መጀመሪያ ምን እንደተሰማኝ ልጻፍ እንጂ፣ ቅዱስ መስዬ ለራሴ አልዋሽም። እዚህም ቀደመችኝ! ብዬ ነው የተናደድኩት። የኔ የምለው አንድ ነገር ነበረኝ፣ እሱንም ከውስጡ ወሰደችው። ከዚያ ሻይ ላመጣለት ማድ ቤት ስገባ ነገሩ ዞሮ መጣብኝ። በየጸሎቱ... «የዛሬዎቹ ይሰምጣሉ፣ ይሄ ግን ይኸው!» ለገና ፊቷ ቆሜ! ሰው ሁሉ ተሰብስቦ! እሷ እዚያው ተቀምጣለች፣ የራሷ ስፖንጅ ላይ። አንድ ቃል አልተናገረችም። ፈገግ ብቻ አለች።

ያቺን ፈገግታ አውቀዋለሁ ብዬ ነበር። ምኑን አወቅኩት?

ማድ ቤት ቆሜ አለቀስኩ። ሻዩ ገነፈለ።

አርብ፣ ሚያዝያ 3

ጠዋት አባን ያዝኩት። «ታውቅ ነበር?»

«አውቅ ነበር።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ምን ብዬ ልንገርሽ? ሶፋዬ አልሰመጠም እያልሽ ደስ ሲልሽ... እሷም ተይ አለችኝ። 'የድንቄ ሶፋ የድንቄ ይሁን' አለች።»

  «አዲሱንስ? እሱንስ ለምን አልነገራችሁኝም?» አልኩት።

«እሱንማ የለመንኳት እኔ ነኝ። ብንነግርሽ እሺ ትያለሽ? እኔን ባነሳሽ ቁጥር ወገብሽን ይዘሽ ግድግዳ ትደገፊያለሽ። አላይም? ጉልበቴ ነው እንጂ የታመመው፣ ዓይኔ መቼ ታመመ?»

ለኔ ወገብ ነው የመጣው። ያ ግራጫ፣ ያ የጠላሁት፣ የቀናሁበት... ለኔ ወገብ። እኔ ደግሞ የሱን ጉልበት ሰብሬ ልጥል ነበር።

ቅዳሜ፣ ሚያዝያ 4

መኪናው መጣ። ገልባጭ ነው። ደጁ ሁሉ ጉድ ሆኗል፤ የለንሳ የተሰበረ ቁም ሳጥን፣ የማን እንደሆነ የማላውቀው ፍራሽ፣ ምጣድ የማያሞቅ ኤሌክትሪክ ምድጃ፣ በር የሌለው ፍሪጅ። አንዱ ሰውዬ የአጥር ድንጋይ ከምሮ «ይሄንንም» ሲል ኢብሳ «ፍርስራሽ አይሄድም!» ብሎ ተሟገተው።

የኛ ንጹሕ ነበር። ስፖንጁ ታስሮ፣ ከፋዩ ተጠቅሎ። ሞላውን ቆራሌው ትናንት ወስዷል። ስፖንጁን ራሴ ተሸክሜ አወጣሁት፣ ቀላል ነው፣ እንደዚህ ቀላል መሆኑን አላውቅም ነበር። ኢብሳ ተቀብሎኝ ሲወረውረው፣ «ቲቸር፣ ይሄ እኮ ገና ነው፣ ጥሩ ስፖንጅ ነበር» አለኝ። «የእህቴ ነው» አልኩት። ለምን ይህን እንደነገርኩት አላውቅም።

እንጨቱን ጉዴ ለመነችኝ፤ ለአህያዋ ጎጆ ማገር ይሆናል አለች። ውሰጂው አልኳት። የኔ ድርሻ አህያ ቤት ገባ። ስጽፈው ሳቄ መጣ። ሰኞ ያንን ስለ ሞተ አህያ የጠየቀኝን ልጅ፣ በሕይወት ላለ አህያ መልስ አለኝ እለዋለሁ።

ዳንቴሉን አስቀርቻለሁ። አጥቤ አሰጣሁት።

ለንሳን ጠርቼ ትኋን እንዳልነበረው ነገርኳት። «አውቄ ነበር» አለች። ሰው ሁሉ ያውቃል፣ እኔ ብቻ ነኝ የማላውቅ።

ሰኞ፣ ሚያዝያ 13

ናኦሚ ለፋሲካ ከነልጆቿ መጥታ ትናንት አብረን ዋልን። ማንጎ ይዛ። «የናኦሚ ማንጎ መጣ!» አልኩ፣ እኔው ራሴ፣ ከሰፈሩ ቀድሜ። ግራጫው ላይ ዳንቴሌን አልብሼዋለሁ፤ አልሄደለትም፣ ግን ማንም አላወለቀውም።

ከሰዓት እነ ኦቦ ኦሊቃ እንኳን አደረሳችሁ ሊሉን መጡ። ሁሉም ተጨናንቆ ተቀመጠ። ኦቦ ኦሊቃ ነጠር አሉና፣ «ይሄ ጥሩ ነው፤ ግን እንደ ድንቅቱ ሶፋ አይሆንም። ያ እኮ አይሰምጥም ነበር» አሉ።

ይኸው። ዝም ብል ያልፋል። ማንም አያውቅም። ናኦሚ አንገቷን ደፍታ ማንጎ እየላጠች ነው።

«ሰምጦ ነበር ኦቦ ኦሊቃ» አልኩ። «እኔ በሌለሁበት ናኦሚ ናት ሆዱን ያስቀየረችው። ሞላውንም ስፖንጁንም። እኔ የገዛሁት እንጨቱን ነው። ይሄን ሁሉ ዓመት የተቀመጣችሁት እሷ ላይ ነው።»

 ናኦሚ ቢላዋውን አስቀመጠች። «ማን ነገረሽ?» አለች፣ በጣም ቀስ ብላ። ከዚያ ኦቦ ኦሊቃ፣ «ታዲያ ሁለቱም መመስገን ይገባቸዋል» አሉና ሁሉም ሳቀ። አባ አልሳቀም፣ እኔን ነው የሚያየው። ከመረቀኝ ቀን ወዲህ እንደዚያ አላየኝም።

ማድ ቤት ሳህን ስናጥብ፣ «ለምን ተናገርሽ?» አለችኝ።

«እስከ መቼ በሰው ስፖንጅ ልኩራ?»

ሳቀች። «አንቺ ሶፋው ነው ያሳሰበሽ» አለች። «እኔን ደግሞ እጅሽ ነው። በየበዓሉ እመጣለሁ፣ አባ ከኔ ጎን ተቀምጦ፣ 'ድንቄ፣ ሃርካ ኬ' ይላል። አንድ ቀን እንኳ ናኦሚ ብሎ አያውቅም። ስልክ ላይም ያንቺ ወሬ ነው። ተማሪዎችሽ ምን እንዳሉ፣ አንቺ ምን እንዳልሽ። የሞተ አህያ ደረቅ ነው እርጥብ ያለውን ልጅ ሲነግረኝ ሁለታችንም በሳቅ ሞትን።»

ያ ሳቅ! ያ ሐሙስ የነበረው ሳቅ... በኔው ወሬ ነበር የሳቁት። እኔ ግድግዳ ስር ቆሜ የቀናሁት በራሴ ወሬ ነው።

«ዛሬ ማታ እኔ ላንሳው?» አለችኝ። «አንዴ ብቻ።»

አባ አሁን ብቻውን እንደሚነሳ አላወቀችም። ማንም አልነገራትም፣ ቀኑን ሙሉም እንግዳ ሲቀበል ከሶፋው አልተነሳም። ልነግራት ነበር... አልነገርኳትም። «አንሺው» አልኳት። ቅናት አንዴ ከገባ እንዲህ በቀላሉ አይወጣም፣ ተፈታቶም ትንሽ ይቀራል።

ዜናው አለቀ። አባ ተንቀሳቀሰ። ናኦሚ ምንጣፉ ላይ እግሩ ስር ተቀምጣ ነበር፤ ቶሎ ብላ እጇን ዘረጋችለት። አባ ሁለት እጁን መደገፊያው ላይ አድርጎ ብድግ አለ። አላያትም። «ደህና እደሩ ልጆቼ» ብሎ ወደ መኝታው ገባ።

እጇ አየር ላይ ቀረ።

ፊቷን አየሁት። ያ ፊት የኔ ነው፣ መጋቢት ውስጥ የነበረው። ተነስቼ እጇን ያዝኩት፣ ሳብ አድርጌ አቆምኳት። ወገቤን አልያዘኝም።